«ጋብቻችሁን አንመዘግብም» ሲሏችሁ፦ ከወረዳው መስኮት እስከ ችሎት

አክስቴና ባሏ በሰማንያ ተጋብተው ከ30 ዓመት በላይ አብረው ኖረዋል። ልጃቸው ውጭ አገር ነው። ለሆነ ጉዳይ የወላጆቹን የጋብቻ ምስክር ወረቀት ፈለገ። አክስቴን ይዤ ወረዳ ሄድኩ። መስኮቱ ላይ ያለችው ልጅ ትሁት ናት። «እማማ፣ የድሮ ጋብቻ እንዳንመዘግብ መመሪያ መጥቷል» አለቻት። መመሪያውን ማየት እንችል እንደሆነ ጠየቅኩ። «የውስጥ ነው» አለችኝ። ተመልሰን ሄድን።

ጉዳዩ ለማለቅ አምስት ወር ፈጀ። ከአምስቱ ሦስቱ በከንቱ ያለቁ ናቸው። ምክንያቱ ደግሞ አንድ ነገር ብቻ ነው፦ በዚያ ቀን ወረቀት ሳልጠይቅ መውጣቴ። ጠበቃ አይደለሁም። ግን አዋጆቹን አገላብጫለሁ፣ የፍርድ ቤት ሬጅስትራር (መዝገብ ተቀባዩ ክፍል) በር ላይ ቆሜያለሁ፣ የተማርኩትንም እዚህ ላስቀምጥ። የምጽፈው በዋናነት ለአዲስ አበባና ለድሬዳዋ ነው። ስለ ክልሎችና ስለ ውጭ አገር ወደ ኋላ ላይ እመጣለሁ።

መጀመሪያ፦ ጋብቻና ምዝገባ አንድ አይደሉም

ይህን ካልያዛችሁ ቀሪው ሁሉ ይምታታባችኋል። የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ፣ አዋጅ ቁጥር 213/1992፣ ጋብቻ በሦስት መንገድ ይፈጸማል ይላል፦ በክብር መዝገብ ሹም ፊት፣ በሃይማኖት ሥርዓት ወይም በባህል ሥርዓት። ተክሊልም ሆነ ኒካህ፣ በሽማግሌ ፊት የተፈረመ ሰማንያም ሆነ የማዘጋጃ ቤት ፊርማ፣ በሕግ ፊት ውጤታቸው እኩል ነው። ሕጉ በየትኛውም መንገድ የተፈጸመ ጋብቻ መመዝገብ አለበት ይላል። ያልተመዘገበ ጋብቻ ግን ፈራሽ ነው አላለም።

ስለዚህ «አልተመዘገባችሁም፣ ስለዚህ ባልና ሚስት አይደላችሁም» የሚል ሰው ቢያጋጥማችሁ አትደንግጡ። ምዝገባ የጋብቻ ማስረጃ ነው። ጥሩ ማስረጃ ነው፣ ከሁሉም የሚቀለው ማስረጃ ነው፣ ግን ብቸኛው አይደለም። የቤተሰብ ሕጉ ከአንቀጽ 94 ጀምሮ የምስክር ወረቀት በሌለበት ጊዜ ጋብቻ እንዴት እንደሚረጋገጥ ይደነግጋል። ይህ የእናንተ የመጨረሻ ምሽግ ነው፣ እንመለስበታለን።

የምዝገባው ሕግ ደግሞ ሌላ ነው። የወሳኝ ኩነት ምዝገባና የብሔራዊ መታወቂያ አዋጅ ቁጥር 760/2004 ይባላል፤ በ2009 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 1049 ተሻሽሏል። ጋብቻ በተፈጸመ በ30 ቀን ውስጥ ይመዝገብ የሚለው ከዚህ ነው። አገር አቀፉ ምዝገባ በሥራ ላይ የዋለው ግን በ2008 ዓ.ም. መጨረሻ ነው። ከዚያ በፊት የተጋቡትን መዝጋቢዎቹ «ነባር» ይሏቸዋል። ይህችን ቃል ያዟት። አክስቴ ጉዳይ ላይ ነገሩን የፈታው በመጨረሻ «የድሮ ጋብቻ» ማለታችንን ትተን «የነባር ጋብቻ ምዝገባ» ብለን ስንጽፍ ነበር። የሚሠሩበትን ቃል ስትናገሩ ሰዎቹም በሌላ ዓይን ያዩዋችኋል።

ቀጥሎ፦ የተባላችሁት ነገር ከየት እንደመጣ ለዩ

«መመሪያ ነው» የሚለው ቃል በየመስኮቱ ለአራት የተለያዩ ነገሮች ይውላል። አንዳንዴ በእርግጥም አዋጅ ነው። አንዳንዴ መሥሪያ ቤቱ ያወጣው መመሪያ ነው። አንዳንዴ ከላይ የተላከ ሰርኩላር ደብዳቤ ነው። አንዳንዴ ደግሞ ባለፈው ሳምንት ስብሰባ ላይ ኃላፊው በቃል ያለው ነገር ነው። አራቱ እኩል ጉልበት የላቸውም።

አዋጅ ከሆነ በነጋሪት ጋዜጣ ታትሟል፣ ቁጥር አለው። መመሪያ ከሆነም ቁጥር ሊኖረው ይገባል። በ2012 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183 ብዙ ሰው የማያውቀው ጥሩ መሣሪያ ነው። የፌዴራል መሥሪያ ቤቶችንም፣ የአዲስ አበባንና የድሬዳዋን አስተዳደር አካላትንም ይመለከታል። መመሪያ ከመውጣቱ በፊት ረቂቁ ለሕዝብ አስተያየት ይቅረብ ይላል። ከወጣ በኋላም በፍትሕ ሚኒስቴር ተመዝግቦ ቁጥር ይሰጠው፣ ለሕዝብ ይፋ ይሁን ይላል። ያልተመዘገበና ይፋ ያልሆነ መመሪያ ተፈጻሚ አይሆንም። «የውስጥ ነው፣ አይታይም» የተባለ መመሪያ እናንተን ሊያስር የሚችልበት መንገድ ጠባብ ነው።

ስለዚህ መስኮቱ ላይ ስትቆሙ ጥያቄያችሁ አጭር ይሁን፦ «የመመሪያው ቁጥርና ዓመተ ምሕረቱ ስንት ነው?» ይህን በመጥፎ ቃና አትጠይቁ። ልጅቱ ሕጉን አላወጣችም። ብዙ ጊዜ እሷም አይታው አታውቅም። ቁጥሩን ከሰጠቻችሁ አመስግናችሁ ጻፉት። «እኔ አላውቅም፣ ኃላፊው ነው ያለን» ካለችም ያ ራሱ መልስ ነው። ጻፉት፣ ቀኑንም ጨምሩበት።

ከልካዩ ልክ የሚሆንበት ጊዜም አለ

ወደ ክርክር ከመግባታችሁ በፊት ራሳችሁን ፈትሹ። ጊዜና ገንዘብ የሚያድነው ይህ ነው። ከማየው የክልከላ ዓይነት ደጋግመው የሚመጡት እነዚህ ናቸው።

ውክልና። ሙሽራዋ ቤይሩት ወይም ዱባይ ናት፣ ለወንድሟ ውክልና ልካ «በእኔ ቦታ ፈርምልኝ» ትላለች። ሹሙ እምቢ ካለ ልክ ነው። የቤተሰብ ሕጉ አንቀጽ 12 ተጋቢዎቹ ራሳቸው ቀርበው ፈቃዳቸውን ይስጡ ይላል። በውክልና መጋባት የሚቻለው ከባድ ምክንያት ኖሮ ፍትሕ ሚኒስቴር ሲፈቅድ ብቻ ነው። እዚህ ላይ ወረዳውን መክሰስ ከንቱ ድካም ነው። ማመልከቻው የሚገባው ለሚኒስቴሩ ነው።

ዕድሜ። 18 ዓመት ነው፣ ለሁለቱም። ሚኒስቴሩ በልዩ ምክንያት እስከ ሁለት ዓመት ሊቀንስ ይችላል። ወረዳ መቀነስ አይችልም፣ ሽማግሌም አይችልም።

የቀድሞ ጋብቻ። ያልፈረሰ ጋብቻ እያለ ሌላ አይፈጸምም። ይህ የወንጀል ሕጉ ውስጥም አለ። ችግሩ መታወቂያቸው ላይ «ያገባ» ተብሎ በስህተት የተጻፈባቸው ሰዎች ናቸው። ወይም ከ15 ዓመት በፊት በሽማግሌ ተለያይተው ወረቀት የሌላቸው። የመጀመሪያው የመዝገብ እርማት ጉዳይ ነው። ሁለተኛው ግን ቀላል አይደለም። ፍቺን የሚወስነው ፍርድ ቤት ነው፣ ስለዚህ መጀመሪያ የፍቺ ውሳኔ ያስፈልጋችኋል። «ያላገባ ማስረጃ» ለማግኘት ምስክር አሰልፎ ማለፍ ዛሬ ይሠራ ይሆናል፣ ነገ ግን ሁለቱንም ትዳር ችሎት ያቆማል።

180 ቀን። ይህኛው የሴቶች ብቻ ነው፣ ብዙ ክርክርም አለበት። ባሏ የሞተባት ወይም የፈታች ሴት 180 ቀን ሳይሞላ እንደገና እንዳታገባ ሕጉ ይከለክላል። ዓላማው የልጅ አባት እንዳይምታታ ነው። ግን አንቀጽ 16 በራሱ ውስጥ መውጫ አለው፦ በመሃል ከወለደች፣ የቀድሞ ባሏን መልሳ ካገባች፣ እርጉዝ አለመሆኗ በሕክምና ከተረጋገጠ፣ ወይም ፍርድ ቤት ከፈቀደላት ክልከላው አይሠራም። አንድ መዝጋቢ «180 ቀን ይሙላ» ብቻ ብሎ ሲመልሳችሁ የሐኪም ማስረጃ ይዛችሁ ተመለሱ፣ አንቀጹንም ጥቀሱለት። ችሎት ሳይደርስ የሚያልቅ ጉዳይ ነው።

አሁን ደግሞ ከልካዩ ብዙ ጊዜ ልክ የማይሆንባቸው።

«ሁለታችሁም የዚህ ወረዳ ነዋሪ ካልሆናችሁ አናጋባም።» አንቀጽ 22 እንዲህ አይልም። ከተጋቢዎቹ አንዱ፣ ወይም ከሁለቱ የአንዳቸው ወላጅ ወይም የቅርብ ዘመድ፣ ከጋብቻው በፊት ቢያንስ ስድስት ወር በተከታታይ የኖረበት ቦታ ይበቃል። እናታችሁ እዚያ ወረዳ የምትኖር ከሆነ መንገድ አላችሁ። ይህ ሹሙ ራሱ ጋብቻውን ሲያስፈጽም የሚሠራ ደንብ ነው።

«የደም ምርመራ ውጤት አምጡ።» ቤተ ክርስቲያናትና መስጊዶች በራሳቸው ሥርዓት ሊጠይቁ ይችላሉ፣ ማወቁም ጥሩ ነው። የቤተሰብ ሕጉ ውስጥ ግን የኤች አይ ቪ ምርመራ የጋብቻ ቅድመ ሁኔታ ሆኖ አልተቀመጠም።

«ውጭ አገር የተጋባችሁት እዚህ አይሠራም።» አንቀጽ 5 በተጋቡበት አገር ሕግ መሠረት የተፈጸመ ጋብቻ የሕዝብን ሞራል እስካልተቃረነ ድረስ ይጸናል ይላል። አብዛኛውን ጊዜ እውነተኛው ችግር የማረጋገጫ ማኅተም ነው። ሰነዱ በተሰጠበት አገር ተረጋግጦ፣ በኢትዮጵያ ኤምባሲ አልፎ፣ እዚህ በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር መረጋገጥ አለበት። ከዚያም በተፈቀደለት ተርጓሚ ወደ አማርኛ ይመለሳል። አንዷ ማኅተም ከጎደለች መስኮቱ ላይ ያለው ሰው «አይሠራም» ይላችኋል። «ማኅተም ይጎድላል» ማለቱ ነው።

አሁን ወረቀት ፍጠሩ

ይህ ክፍል ከሁሉም ይበልጣል። በቃል የተሰጠ እምቢታን ይዛችሁ የትም አትደርሱም። ቅሬታ ሰሚው «ማን አላችሁ?» ይላል። ፍርድ ቤቱ «ውሳኔው የታለ?» ይላል። እኛ ሦስት ወር የተንከራተትነው እዚህ ላይ ነው። በየሳምንቱ እየሄድን እየተሟገትን ነበር፣ የሚያሳይ አንዲት ወረቀት ግን የለንም።

ማመልከቻ ጻፉ። ረጅም አታድርጉት። ፍርድ ቤት በር ላይ ያሉ ጸሐፊዎች አንዳንዴ ገጽ ለማብዛት የሠርጉን ድግስ ሁሉ ይተርካሉ፣ አያስፈልግም። እንዲህ ብትሉ ይበቃል፦

«ቀን… ለ… ወረዳ ሲቪል ምዝገባና የነዋሪነት አገልግሎት ጽሕፈት ቤት። ጉዳዩ፦ የጋብቻ ምዝገባ ጥያቄያችን በጽሑፍ እንዲወሰን ስለመጠየቅ። እኛ አመልካቾች በ… ዓ.ም. በ… ሥርዓት ጋብቻ ፈጽመናል። በ… ቀን ቀርበን እንዲመዘገብልን ብንጠይቅም አይቻልም የሚል የቃል መልስ ተሰጥቶናል። ስለዚህ ጋብቻችን እንዲመዘገብልን፣ የማይመዘገብ ከሆነም ምክንያቱና የተመሠረተበት ሕግ ወይም መመሪያ ከነቁጥሩ ተጠቅሶ በጽሑፍ እንዲሰጠን በአክብሮት እንጠይቃለን። አባሪ፦ … ገጽ።»

ሁለት ኮፒ ያዙ። መዝገብ ቤት አስገቡ እንጂ ለመስኮቱ ሠራተኛ በእጅ ሰጥታችሁ አትሂዱ። በራሳችሁ ኮፒ ላይ የገቢ ቁጥር፣ ቀንና ማኅተም አስመቱ። «ማኅተም የያዘችው ሴት የለችም» ካሏችሁ ጠብቁ። ምሳ ሰዓት ቢሆንም ጠብቁ። ያቺ ማኅተም ያለባት ኮፒ ከአሁን በኋላ መታወቂያችሁ ናት በሉ።

በአዋጅ 1183 መሠረት የአስተዳደር ውሳኔ በጽሑፍ፣ ምክንያቱም ተገልጾ መሰጠት አለበት። ይህን አዋጅ ማመልከቻው ግርጌ ላይ በአንድ መስመር መጥቀስ አይጎዳም። በእኛ ጉዳይ ማመልከቻው በገባ በአሥረኛው ቀን ስልክ ተደወለልን። መመሪያ የተባለው ነገር ስለ ሌላ ዓይነት ምዝገባ የተጻፈ ሰርኩላር ሆኖ ተገኘ። ማንም ይቅርታ አልጠየቀም፣ እኛም አልጠበቅንም።

ሁሉም ግን እንዲህ አይቀልም።

ቅሬታ፦ መዝለል የሌለባችሁ ደረጃ

በጽሑፍ «አይሆንም» ከተባላችሁ፣ ወይም ጭራሽ መልስ ከተነፈጋችሁ፣ መጀመሪያ እዚያው መሥሪያ ቤት ያለውን ቅሬታ ሰሚ ተጠቀሙ። ከወረዳ ወደ ክፍለ ከተማ፣ ከዚያ ወደ ከተማው የሲቪል ምዝገባ ኤጀንሲ ይወጣል። አሰልቺ ነው፣ አውቃለሁ። ብዙ ጊዜ ቅሬታ ሰሚውና ቅሬታ የቀረበበት ሰው አብረው ምሳ የሚበሉ ናቸው። ግን ይህን ሳትጨርሱ ፍርድ ቤት ብትሄዱ «በውስጥ ያለውን መፍትሔ አልጨረሳችሁም» ተብላችሁ ልትመለሱ ትችላላችሁ። እዚህም ማኅተም ያለበት ኮፒ። በየደረጃው።

በጎን የሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋምን አስቡ። በ1992 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 211 የተቋቋመ ነው፣ ክፍያ የለውም፣ የአስተዳደር በደል ይመረምራል። ምክረ ሐሳቡ እንደ ፍርድ አያስገድድም። ቢሆንም ከተቋሙ አንድ ደብዳቤ ሲመጣ ለወራት የተኛ ፋይል ሲነቃ አይቻለሁ።

ችሎት፦ የትኛው በር?

ሰው «ወረዳውን እከሳለሁ» ብሎ ይነሳል። እኔ የምጠይቀው ሌላ ነው፦ የምትፈልጉት ምንድን ነው? ወረቀቱን ነው ወይስ መመሪያውን ማሻር? አብዛኛው ሰው የሚፈልገው ወረቀቱን ነው። ለዚያ ወረዳውን መክሰስ ላያስፈልግ ይችላል።

የመጀመሪያው በር ጋብቻ መኖሩ ይረጋገጥልኝ የሚል አቤቱታ ነው። አዲስ አበባ ውስጥ የሚከራከር ወገን ከሌለ የባልና ሚስትነት ማረጋገጫ የሚጠየቀው ከከተማው ፍርድ ቤቶች ነው። «ሚስቱ አይደለችም» የሚል ሰው ብቅ ካለ፣ ለምሳሌ የሟች ልጆች፣ ጉዳዩ ወደ ፌዴራል መጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ይሄዳል። አንደኛው ወገን የሞተ ከሆነ ይህ በር ግድ ነው ማለት ይቻላል። መዝጋቢ ሟችን አቅርቦ ፈቃዱን ሊጠይቅ አይችልማ።

እዚህ የምታስረዱት ሕጉ የትዳር ሁኔታ መኖር የሚለውን ነው። ሁለቱ ሰዎች ራሳቸውን እንደ ባልና ሚስት ቆጥረው ኖረዋል? ዘመድና ጎረቤትስ እንደዚያ ያውቃቸዋል? ሕጉ ለዚህ አራት ምስክሮች ይላል፣ ዘመድም ባዕድም መሆን ይችላሉ። የኔ ምክር አራቱን ከአንድ ጓዳ አትምረጡ የሚል ነው። አንዱ ሠርጉ ላይ የነበረ ይሁን። አንዱ የረጅም ጊዜ ጎረቤት። አንዱ የእድር ሰው። አንዱ ዘመድ። ዳኛ «መቼ ተጋቡ? የት? ድግሱ የማን ቤት ነበር?» ብሎ ይጠይቃል። ምስክሮቻችሁን አታስጠኗቸው። አራት ሰው በአንድ ቃል አንድ ዓይነት ዓረፍተ ነገር ሲደግም ዳኛው ብዕሩን ያስቀምጣል። ሐምሌ ነበር ነሐሴ ብሎ አንዱ ቢያመነታ የሰው ነው፣ ችግር የለውም።

ከምስክር ጎን ሰነድ ይርዳችሁ። ሰማንያው ካለ ዋናው እሱ ነው። ከሌለ የቤተ ክርስቲያን ወይም የመስጊድ ደብዳቤ፣ የእድር መዝገብ፣ የልጆች የልደትና የትምህርት ቤት ማስረጃ፣ በሁለታችሁ ስም ያለ ውል፣ ባል በመሥሪያ ቤቱ «ባለቤቴ» ብሎ የሞላው ቅጽ። የሠርግ ፎቶ ከጀርባው ቀን የተጻፈበት ከሆነ ወርቅ ነው።

አንድ ጥንቃቄ አለ። ተቃራኒ ሳይኖር የተሰጠ ውሳኔ በኋላ ሊነቃነቅ ይችላል። መብቴ ተነካ የሚል ሰው በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 358 መቃወሚያ ማቅረብ ይችላል። ስለዚህ ሌላ ሚስት ወይም ሌላ ልጅ መኖሩን እያወቃችሁ አትደብቁ።

ሁለተኛው በር የወረዳውን ወይም የኤጀንሲውን ውሳኔ ራሱን ማስከለስ ነው። በአዋጅ 1183 መሠረት ይህ የሚቀርበው ለፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። የጽሑፍ ውሳኔውን፣ የቅሬታውን ውጤትና ማኅተም ያለባቸውን ኮፒዎች ትይዛላችሁ። ክርክራችሁ «ተጉላላሁ» ላይ እንዳያተኩር። መጉላላት እውነት ነው፣ ዳኛው ግን የሚያየው ውሳኔው ከሕግ ጋር ይስማማል ወይ የሚለውን ነው። ሹሙ በሕግ ያልተሰጠውን ሥልጣን ተጠቀመ? ሕጉ የማይጠይቀውን ማስረጃ ጠየቀ? ሳይሰማችሁ ወይም ምክንያት ሳይሰጥ ወሰነ? ከነዚህ የሚስማማችሁን አንዱን ወይም ሁለቱን ያዙ፣ ሰባት ምክንያት አትደርድሩ። ብትረቱም ፍርድ ቤቱ ውሳኔውን ሽሮ ወደ መሥሪያ ቤቱ ሊመልሰው ይችላል። ምስክር ወረቀቱን የሚጽፈው ዳኛው አይደለም፣ ይህን አስቀድማችሁ እወቁት።

አቤቱታ የማቅረቢያ ጊዜ ገደብ አለው፣ ደብዳቤው በእጃችሁ ከገባበት ቀን ይቆጠራል። በዚያው ሳምንት ሬጅስትራር ጋ ሂዱ ወይም ጠበቃ አማክሩ። ፖስታውን ወይም የተረከባችሁበትን ፊርማ ኮፒ አስቀሩ።

ሦስተኛው በር መመሪያውን ራሱን መቃወም ነው። ይህ የእናንተን ፋይል ብቻ ሳይሆን ከኋላችሁ የተሰለፈውን ሁሉ ይነካል። ለምሳሌ አንድ መመሪያ «ሁለቱም ተጋቢዎች የአንድ ወረዳ ነዋሪ መሆን አለባቸው» ቢል ከአንቀጽ 22 ጋር ይጋጫል። መመሪያ ደግሞ አዋጅን ሊያጠብ አይችልም። ሁለቱን ጽሑፎች ጎን ለጎን አስቀምጡ፣ በአንድ ገጽ ላይ፣ ቃል በቃል። ረቂቁ ለሕዝብ አስተያየት ሳይቀርብ የወጣ ወይም ሳይመዘገብ የሚሠራበት ከሆነም ያ ሌላ የመቃወሚያ ምክንያት ነው። ይህን በር ያለ ጠበቃ አልመክርም። ማኅበራት ቢገቡበት ደግሞ ይሻላል፣ ብቻውን የቆመ ሰው ቶሎ ይደክማል።

ችግሩ መመሪያው ሳይሆን አዋጁ ራሱ ሕገ መንግሥቱን ይቃረናል የምትሉ ከሆነ መንገዱ ሌላ ነው። ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 34 ላይ በሕግ የተወሰነውን የጋብቻ ዕድሜ የደረሱ ወንድና ሴት በፈቃዳቸው የመጋባትና ቤተሰብ የመመሥረት መብት ይሰጣል። በእኛ አገር ግን አዋጅን ሕገ መንግሥታዊ አይደለም ብሎ የሚሽረው መደበኛ ፍርድ ቤት አይደለም። ጥያቄው ለሕገ መንግሥት ጉዳዮች አጣሪ ጉባኤ ይቀርባል፣ የመጨረሻውን ቃል የሚሰጠው የፌዴሬሽን ምክር ቤት ነው። ረጅም መንገድ ነው። የ180 ቀኑን ድንጋጌ በዚህ በር የሚወስደው ሰው ቢመጣ በበኩሌ ቁጭ ብዬ እከታተለዋለሁ፤ ሕክምና በደቂቃ የሚመልሰውን ጥያቄ ስድስት ወር መጠበቅ ምን ይሉታል?

ገንዘብ የለኝም ለምትሉ

የዳኝነት ክፍያ መክፈል የማይችል ሰው በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 467 መሠረት በደሃ ደንብ እንዲከስ ፍርድ ቤቱን መጠየቅ ይችላል። ከወረዳ የገቢ ማስረጃ ይጠየቃል። አዎ፣ ከዚያው ወረዳ። ለሴቶች የኢትዮጵያ ሴት የሕግ ባለሙያዎች ማኅበር ነጻ የሕግ ምክር ሲሰጥ ቆይቷል። የሕግ ትምህርት ቤት ያላቸው ዩኒቨርሲቲዎችም የነጻ ሕግ ድጋፍ ማዕከል አላቸው፣ አንዳንዶቹ ፍርድ ቤት ግቢ ውስጥ ጠረጴዛ ዘርግተው ይቀመጣሉ። መጀመሪያ እዚያ ጎራ በሉ፤ አቤቱታችሁን ቢያንስ ያዩላችኋል።

ክልል ላይ ላላችሁ፣ ውጭ ላላችሁ

ብዙ ክልሎች የራሳቸው የቤተሰብ ሕግ አላቸው። አማራ፣ ኦሮሚያ፣ ትግራይና ሌሎችም አውጥተዋል። ብዙው ተመሳሳይ ነው፣ ግን የአንቀጽ ቁጥሩና አንዳንዱ ዝርዝር ይለያል። ስለዚህ ባሕር ዳር ላይ ቆማችሁ አዋጅ 213ን አትጥቀሱ። አዋጅ 1183ም የክልል መሥሪያ ቤቶችን አይመለከትም። አዋጅ 760 ግን አገር አቀፍ ነው፣ እሱን በየትኛውም ቦታ መጥቀስ ትችላላችሁ። «በጽሑፍ ስጡኝ» የሚለው ጥያቄም የትም ይሠራል።

ውጭ ለምትኖሩ ኤምባሲና ቆንስላ የወሳኝ ኩነት ምዝገባ ሥራ አላቸው። እዚያ ከተከለከላችሁም ዘዴው ያው ነው፦ በጽሑፍ ጠይቁ፣ መልሱን በጽሑፍ ያዙ። እዚህ ያለ ወኪል ፍርድ ቤት ሊከራከርላችሁ ይችላል፤ ለዚህ ውክልና ይሠራል። ውክልና የማይሠራው ለመጋባቱ ነው።

ውሳኔው ከወጣ በኋላ

የውሳኔውን ትክክለኛ ግልባጭ ቢያንስ ሦስት ውሰዱ። አንዱ ለመዝጋቢው፣ አንዱ ለውጭ ጉዳይ ማረጋገጫ፣ አንዱ ቤት። መዝጋቢው ፍርዱን አይቶም ካልመዘገበ በአፈጻጸም መዝገብ ወደ ችሎቱ ተመለሱ፣ አዲስ ክስ አትክፈቱ።

ምስክር ወረቀቱን ስትቀበሉ መስኮቱን ሳትለቁ አንብቡት። ስማችሁ ከፓስፖርታችሁ ጋር ፊደል በፊደል አንድ መሆኑን እዩ። ከዚያ ሁለቱን ቀኖች። ወረቀቱ ላይ ጋብቻው የተፈጸመበትና የተመዘገበበት ቀን ለየብቻ ይጻፋሉ። አክስቴ ወረቀት ላይ ሁለቱም ቦታ የዚያን ቀን ጻፉባት፣ የ30 ዓመት ትዳር የአንድ ቀን ሆነ። እዚያው አስተካከልን። ቤት ደርሰን ብናየው ኖሮ የእርማት ማመልከቻ፣ መዝገብ ቤት፣ ማኅተም፣ እንደገና ከአንድ።